የፉርጎ ተሳፋሪዎች መድረክ፦ ሆቦዎች በመጀመሪያዎቹ ድምፃዊ አጫጭር ፊልሞች

ድምፅ ያለው ፊልም ወደ አሜሪካ ሲኒማ ቤቶች በገባባቸው የመጀመሪያ ዓመታት፣ ማለትም ከ1926 አንሥቶ እስከ 1930ዎቹ አጋማሽ ድረስ (በዚህ ምዕራፍ የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በጎርጎርዮሳዊው አቆጣጠር ናቸው)፣ ተመልካቹ ዋናውን ፊልም ከማየቱ በፊት ዐሥር ደቂቃ ገደማ የሚፈጁ አጫጭር ፊልሞች ይቀርቡለት ነበር። ከእነዚህ አብዛኞቹ ይህ ነው የሚባል ታሪክ የላቸውም፤ ዘፋኙ፣ ቀልደኛው፣ ዳንሰኛውና የሙዚቃ መሣሪያ ተጫዋቹ በየተራ ብቅ እያሉ ያላቸውን አሳይተው ይሰናበታሉ። ለእንዲህ ዓይነቱ ትርኢት ሰበብ እንዲሆኑ ከተመረጡት ቦታዎች አንዱ በባቡር ሐዲድ ዳር ያለ የተንከራታቾች ሰፈር ሲሆን፣ በዚያም ቡትቶ የለበሱ ሰዎች እሳት ከበው ይቀመጣሉ፣ አንዱ ከኪሱ አርሞኒካ ያወጣል፣ ሌላው ተነሥቶ ይጨፍራል፣ ድስቱም እስኪበስል ድረስ ዘፈኑ አይቋረጥም። ቤትና ሥራ የሌላቸው ሰዎች የሚያድሩበት ቦታ የሙዚቃ መድረክ ሆኖ የተመረጠበትን ምክንያት ለመረዳት የሚፈልግ ሰው፣ ስለ ድሆች ይነገር ከነበረው ይልቅ ስለ ማይክሮፎኑ፣ ስለ ፊልሙ ርዝመትና ስለ አልባሳት ወጪ ቢጠይቅ ይሻለዋል።

በቅድሚያ ሆቦ የሚባለው ሰው ማን እንደነበረ መታወቅ አለበት። ቃሉ በ1890 ገደማ በአሜሪካ ምዕራባዊ ክፍል መሰማት የጀመረ ሲሆን፣ ከየት እንደመጣ የቋንቋ ሊቃውንት እስከ ዛሬ አልተስማሙበትም። ትርጉሙ ግን ግልጽ ነበር፤ ሆቦ ማለት አዝመራ ለመሰብሰብ፣ እንጨት ለመቁረጥ፣ ማዕድን ለማውጣት ወይም ሐዲድ ለመዘርጋት ከሥራ ወደ ሥራ የሚጓዝና ለጉዞውም በጭነት ባቡር ላይ ያለ ቲኬት የሚሳፈር ሠራተኛ ነው። ከእርሱ የሚለየው ትራምፕ ይጓዛል እንጂ አይሠራም፤ በም የሚባለው ደግሞ አይሠራም፣ አይጓዝምም። አማርኛ ሦስቱንም በችኮላ ቦዘኔ ብሎ ሊጠቀልላቸው ይችል ይሆናል፤ በሐዲድ ዳር ግን ልዩነቱ የክብር ጉዳይ ስለነበር፣ ሆቦን በም ብሎ መጥራት ጠብ መፈለግ ነበር። የመድረኩና የፊልሙ ሰዎች ለዚህ ልዩነት ደንታ አልነበራቸውም። በቀልደኞቹ ዘንድ ሦስቱም በአንድ የተጣጣፈ ኮት ውስጥ ይኖራሉ።

የሆቦዎቹ ቁጥር የሚያድገው ኢኮኖሚው በወደቀ ቁጥር ነበር። አገሪቱን ከዳር እስከ ዳር ያገናኘው የመጀመሪያው ሐዲድ በ1869 ዩታ ውስጥ ከተገጠመ በኋላ፣ በ1873ና በ1893 የተከሰቱት የገንዘብ ቀውሶች በመቶ ሺህ የሚቆጠሩ ሰዎችን ከሥራ አፈናቅለው ወደ ሐዲዱ ገፏቸው። ጉዞው ሕይወትን የሚያስከፍል ነበር፤ ከ1901 እስከ 1905 ባሉት ዓመታት ብቻ ያለ ፈቃድ በባቡርና በሐዲድ ላይ የተገኙ ወደ 24 ሺህ የሚጠጉ ሰዎች ሞተዋል። ከ1929 በኋላ የመጣው ታላቁ የኢኮኖሚ ድቀት ደግሞ ቀድሞ የወንድ የቀን ሠራተኞች የነበረውን መንገድ የወጣቶች፣ የሴቶችና የመላ ቤተሰቦች መንገድ አደረገው፤ በ1933 ከአራት ሠራተኞች አንዱ ሥራ አልነበረውም።

ሆቦዎቹ በባቡር ጣቢያ አቅራቢያ፣ ውኃና ዛፍ ባለበት ቦታ የሚሠሩትን ጊዜያዊ ሰፈር ጫካ ይሉት ነበር። ራሱ በወጣትነቱ በፉርጎ የተንከራተተውና በኋላ በቺካጎ ዩኒቨርሲቲ የኅብረተሰብ ጥናት የተማረው ኔልስ አንደርሰን፣ ዘ ሆቦ በሚል ርዕስ በ1923 ባሳተመው መጽሐፍ የዚህን ሰፈር ያልተጻፈ ሕግ ዘርዝሯል። ምግብ ማባከን፣ ማሰሮን ሳያጥቡ መተው፣ እንጨት ሳይለቅሙ ለማብሰል መቅረብና የተኛን ሰው መዝረፍ በጥፋትነት ይቆጠሩ ነበር። ሰፈሩን የሚጠቀምበት መንገደኛ ሁሉ ለሚቀጥለው የማያውቀው መንገደኛ ዕቃውን አጥቦ ይሄዳል። ማሊጋን የሚሉት ወጥም የሚሠራው በዚሁ መንገድ ነው፤ አንዱ ድንች፣ አንዱ ሽንኩርት፣ አንዱ ከሥጋ ቤት ለምኖ ያገኘውን አጥንት ያመጣል፣ ሁሉም በአንድ ጣሳ ይቀቀላል። የልዩ ልዩ ትርኢት አዘጋጅ ይህንን ሥርዓት ቢያይ የራሱን ሙያ ያስታውስ ነበር፤ እርሱም የሚሠራው እርስ በርስ የማይተዋወቁ ሰዎች እያንዳንዳቸው ያመጡትን በአንድ ድስት መቀቀል ነውና።

የዚህ ዓይነቱ ትርኢት የአሜሪካ ስሙ ቮድቪል ነው። ቮድቪል ስምንት ወይም ዘጠኝ የማይገናኙ ትዕይንቶችን፣ ማለትም ዘፈን፣ አክሮባት፣ የሠለጠኑ እንስሳት፣ አጭር ድራማና ቀልድ፣ በአንድ ቲኬት የሚያሳይ ቲያትር ሲሆን፣ ከ1880ዎቹ ጀምሮ በኒው ዮርክ ቶኒ ፓስተር፣ በቦስተን ደግሞ ቤንጃሚን ኪዝ ከመጠጥ ቤት አውጥተው ለቤተሰብ የሚሆን መዝናኛ አድርገውታል። ባለ ትርኢቶቹ ከከተማ ወደ ከተማ በባቡር የሚዞሩ ሰዎች በመሆናቸው፣ በውስጥ ከተሳፋሪው መቀመጫ ላይ የተቀመጠው ቀልደኛና ከታች ከፉርጎው ብረት ላይ የተንጠለጠለው ሆቦ አንዳንዴ በአንድ ሐዲድ ላይ፣ በአንድ ሌሊት ያልፉ ነበር ቢባል ማጋነን አይሆንም። ምናልባትም የመድረኩ ሰው ሆቦውን ቶሎ የወሰደው ለዚህ ነው። በ1900 ገደማ ትራምፕ ሆኖ የሚቀርብ ተዋናይ የሌለበት የቮድቪል መድረክ ጥቂት ነበር፤ ናት ዊልስ ደስተኛው ትራምፕ በሚል ስም ታወቀ፣ በኋላ የፊልም ኮከብ የሆነው ደብሊው ሲ ፊልድስም ሥራውን የጀመረው በ1890ዎቹ መጨረሻ ጢም ለጥፎና ቡትቶ ለብሶ ኳስ እየወረወረ በመቅለብ ነበር። ልብሱ ርካሽ ነው፤ ቢቀደድ ይበልጥ ያምራል፤ ተመልካቹም ገና ሳይናገር ማን እንደሆነ ያውቀዋል።

ድምፅ አልባው ፊልም ይህን ገጸ ባሕርይ በደስታ ተቀብሎታል። ፍሬደሪክ ኦፐር በ1900 ለጋዜጣ መሳል የጀመረው፣ በራሱ ላይ የቆርቆሮ ጣሳ የሚደፋው ሃፒ ሁሊጋን ወዲያው ወደ አጫጭር ፊልሞች ተሻገረ፤ ቻርሊ ቻፕሊንም በፌብሩዋሪ 1914 በቬኒስ፣ ካሊፎርኒያ የልጆች የመኪና እሽቅድምድም ላይ ካሜራው ፊት እየተደነቀረ ያስቸገረውን ትራምፕ ለተመልካች ካሳየ በኋላ፣ በዓመቱ ትራምፕ የሚል ርዕስ ያለው ፊልም ሠራ። በእነዚህ ሥራዎች ሆቦው ይሮጣል፣ ይወድቃል፣ ከመስኮት የቀዘቀዘ ኬክ ይሰርቃል። ዘፈን ግን የለውም፤ ቢያፏጭ እንኳ የሚሰማው በአዳራሹ ያለው የፒያኖ ተጫዋች የመረጠለት ዜማ ነው።

ይህ የተለወጠው የፊልም ኩባንያው ዋርነር ብራዘርስ ቫይታፎን የተባለውን መሣሪያ ኦገስት 6 ቀን 1926 በኒው ዮርክ ለሕዝብ ባሳየበት ምሽት ነው። ዋናው ፊልም ዶን ሁዋን ቢሆንም፣ ከእርሱ በፊት የቀረቡት አጫጭር ሥራዎች የኦፔራ ዘፋኙን ጆቫኒ ማርቲኔሊንና የገመድ መሣሪያዎች ባለሙያውን ሮይ ስሜክን ጨምሮ የሙዚቃ ሰዎችን በድምፃቸው ያሳዩ ነበሩ። የቫይታፎን አሠራር ለዛሬ አንባቢ እንግዳ ይመስላል። ድምፁ በፊልሙ ላይ ሳይሆን ወርዱ 40 ሴንቲሜትር ገደማ በሆነ ሸክላ ላይ ይቀረጻል፤ ሸክላው በደቂቃ 33 ከሲሶ ጊዜ እየዞረ አሥራ አንድ ደቂቃ ያህል ይጫወታል፤ መርፌውም እንደ ተራ ሸክላ ከዳር ወደ መሐል ሳይሆን ከመሐል ወደ ዳር ይሄዳል። አሥራ አንዱ ደቂቃ አንድ የፊልም ጥቅል ከሚፈጀው ጊዜ ጋር እኩል እንዲሆን ታስቦ የተመጠነ ነው። ስለዚህ የአጭር ፊልም ርዝመት የደራሲ ውሳኔ አልነበረም፤ ሸክላው ሲያልቅ ትርኢቱም ያልቃል።

ከርዝመቱ የከፋው ችግር ሸክላ የማይቆረጥ መሆኑ ነው። ፊልምን በመቀስ ቆርጦ መቀጠል ሲቻል፣ በሸክላ ላይ የገባ ድምፅ ግን እንደገባ ይቀራል፤ በመሆኑም ዘፈኑ ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ ሳይቋረጥ መቀረጽ ነበረበት፣ ከተለያየ ማዕዘን ማሳየት ከተፈለገም በርካታ ካሜራዎች በአንድ ጊዜ ይሠራሉ። ካሜራው ራሱ እየተንኳኳ ስለሚሠራ ድምፁ እንዳይገባ ከነካሜራ ሠሪው ድምፅ በማያሳልፍ ክፍል ውስጥ ይዘጋበታል፣ በዚያም ውስጥ እንደልቡ መንቀሳቀስ አይችልም። ማይክሮፎኑም በአንድ ቦታ ተሰቅሎ ይጠብቃል፤ ዘፋኙ ከእርሱ ከራቀ ድምፁ ይሞታል። በዚህ ሁኔታ ላይ ያለ አዘጋጅ የሚያስፈልገው ሰዎች ብዙ የማይራመዱበት፣ አንድ ቦታ ላይ ተሰብስበው ፊታቸውን ወደ አንድ አቅጣጫ የሚያዞሩበት፣ ማንም ሰው በማንኛውም ሰዓት ሊገባበት የሚችልና ለምን መጣህ የማይባልበት ስፍራ ነው። የሆቦ ሰፈር እነዚህን ሁሉ ያሟላል። እሳቱ ሰዎቹን በአንድ ቦታ ይሰበስባቸዋል፤ ከባቡር የወረደ እንግዳ ምንም ማብራሪያ ሳያስፈልገው ይገባል፤ ስሙን ባይናገርም አይጠየቅም፤ የሚችለውን እንዲያሳይ መጠየቁ ግን ያለ ነው። ከኋላ የተቀባ ጨርቅ፣ ከፊት ጥቂት ግንድና ማሰሮ ካለ ትዕይንቱ ተዘጋጅቷል።

እዚህ ላይ አንድ ነገር ልብ ሊባል ይገባል። ከአንደርሰን የሕግ ዝርዝር ውስጥ፣ ፖሊስ በሚያዘወትራቸው ሰፈሮች በሌሊት እሳት ማንደድ ከጥፋቶቹ አንዱ ነበር፤ ነበልባሉ የባቡር ኩባንያውን ዘበኞች ይጠራልና። የፊልሙ ትዕይንት የቆመበት ምሰሶ፣ ማለትም በጨለማ ውስጥ የሚንቦገቦገው እሳት፣ በእውነተኛው ሰፈር ሰውን ለዱላ ሊዳርግ የሚችል ስሕተት ነበር። ካሜራው ግን ብርሃን ያስፈልገዋል።

ሙዚቃውን በተመለከተ ፊልሞቹ ለእውነቱ ይበልጥ ይቀርባሉ። ሆቦ የሚይዘው መሣሪያ ኪስ ውስጥ የሚገባ ወይም ከሜዳ የሚገኝ መሆን ስላለበት፣ ከጀርመን በብዛት ይመጣ የነበረው ርካሹ አርሞኒካ ቀዳሚውን ቦታ ይይዛል። መሣሪያው ለባቡር የተሠራ ይመስላል፤ አየር በመሳብና በመንፋት መካከል የሚፈጠረው ምት ከባቡሩ መንኮራኩር ምት ጋር ይመሳሰላል፣ ጥቂት ቀዳዳዎችን በአንድ ላይ መንፋትም የጡሩንባውን ጩኸት ያወጣል። የናሽቪሉ ጥቁር አሜሪካዊ ተጫዋች ዲፎርድ ቤይሊ በ1927 በሸክላ ያስቀረጸው ፓን አሜሪካን ብሉዝ የዚህ ጥበብ ጫፍ ነው፤ አንድ ሰው ብቻውን፣ ያለ አንድ ቃል፣ ባቡሩን ከሩቅ አምጥቶ በአድማጩ አጠገብ ያሳልፈዋል። ከአርሞኒካ ቀጥሎ የሚመጡት ወረቀት የተለበደበት ማበጠሪያ፣ ማንኪያ፣ የልብስ ማጠቢያ ሰሌዳና ባዶ ገንቦ ናቸው።

እነዚህ የጨዋታ ዕቃዎች ብቻ አልነበሩም። ከሴንት ሉዊስ የተነሣው ማውንድ ሲቲ ብሉ ብሎወርስ የተባለው ቡድን ሬድ ማኬንዚ በማበጠሪያና በወረቀት የሚዘፍነውን ዜማ ከባንጆ ጋር አዋሕዶ በ1924 ከሸክላ ኩባንያ ደጃፍ የደረሰ ሲሆን፣ በኋላ የተቀላቀላቸው የጆሽ ቢሊንግስ ከበሮ ሻንጣ ነበር፤ ሻንጣውን በሁለት አጫጭር መጥረጊያዎች እየመታ በእግሩም ይረግጠዋል። ቡድኑ በ1929 ኦፕሪ ሃውስ በተባለው የቫይታፎን አጭር ፊልም ላይ ሲጫወት ይታያል። ሰዎቹ ሆቦ መስለው አልቀረቡም፤ ሆኖም መንገደኛ የሚይዘው ብቸኛ ዕቃ፣ ልብሱን የሚጭንበት ሻንጣ፣ ራሱ መሣሪያ ሆኖ ሲናገር መስማት፣ ቡትቶ ለብሰው በስቱዲዮ እሳት ዙሪያ ከሚቀመጡት ተዋንያን ሁሉ ይልቅ ለሐዲድ ዳር ሙዚቃ የቀረበ ነገር ይሰጣል። በተመሳሳይ ሁኔታ የፎክስ ሙቪቶን የዜና ፊልም ሠራተኞች በ1930 በሉዊስቪል የዊስለርን የገንቦ ባንድ ቀርጸዋል፤ ገንቦውን እየነፉ እንደ ባስ የሚያስተጋቡት ሰዎች ለዜና ተብለው የተቀረጹ በመሆናቸው ብቻ ታሪካቸው ተርፏል።

የዘፈኖቹ ጉዳይ ይለያል፤ በዚህ ረገድ አጫጭር ፊልሞቹ የመረጡትን ያህል የተዉትም ይናገራል። እውነተኛው የሆቦ መዝሙር ከሠራተኛ ማኅበር ጋር የተሳሰረ ነበር። በ1905 በቺካጎ የተመሠረተውና አባላቱ ወብሊዎች ተብለው የሚታወቁት የዓለም ኢንዱስትሪ ሠራተኞች ማኅበር፣ ሆቦዎችን በአዝመራ ሜዳና በእንጨት ሥራ ቦታ ሲያደራጅ፣ ከ1909 ጀምሮ ኪስ ውስጥ የሚገባ ቀይ የመዝሙር መጽሐፍ ያሳትም ነበር። ብዙዎቹ ዜማዎች ከቤተ ክርስቲያን የተወሰዱ ናቸው፤ ምክንያቱም በየጎዳናው የሚሰብከው የሳልቬሽን አርሚ ባንድ የማኅበሩን ተናጋሪዎች ድምፅ በጡሩንባ ሲያጠፋባቸው፣ እነርሱ በዚያው ዜማ ላይ የራሳቸውን ግጥም አስገብተው ይመልሱለት ነበር። ከገጣሚዎቻቸው ዋነኛው ጆ ሂል በ1915 በዩታ በነፍስ ግድያ ተከሶ በጥይት ተገደለ፤ ፍርዱ ትክክል ነበር ወይ የሚለው ክርክርም እስከ ዛሬ አላበቃም። ሃሪ ማክሊንቶክ የተባለው የወብሊ ዘፋኝ በ1928 በሸክላ ያስቀረጻቸው ሁለት ዘፈኖች፣ አንዱ ሥራ ስለማይወድ በም፣ ሌላው ሲጋራ በዛፍ ላይ ስለሚያፈራበት የሆቦ ገነት፣ ከዚህ ዓለም ወጥተው በመላ አገሪቱ የተሰሙ ናቸው። ቀልዳቸው ተወሰደ፤ ከበስተኋላቸው የነበረው የደመወዝና የፖሊስ ጉዳይ ግን በጉዞው ላይ ተራገፈ። አል ጆልሰን በ1933 በረጅም ፊልም ላይ የሴንትራል ፓርክ ደስተኛ ቤት አልባ ሆኖ ሲዘፍን፣ ከአሮጌው የወብሊ መዝሙር ርዕሱ ብቻ ቀርቶ ዜማውና ግጥሙ የሪቻርድ ሮጀርስና የሎረንስ ሃርት አዲስ ሥራ ሆኖ ነበር።

ሌላው የተተወው ነገር የቆዳ ቀለም ነው። በእውነተኛው ፉርጎ ውስጥ ጥቁርና ነጭ ጎን ለጎን ይጓዙ ነበር፣ ያ አብሮነት ምን ያህል በቀላሉ ወደ አደጋ እንደሚለወጥም ማርች 25 ቀን 1931 ታይቷል። በዚያ ቀን በአላባማ በሚያልፍ የጭነት ባቡር ላይ በነጭና በጥቁር ወጣቶች መካከል ጠብ ተነሥቶ፣ ባቡሩ ፔይንት ሮክ ላይ ሲቆም ዘጠኝ ጥቁር ልጆች ተያዙ፤ ሁለት ነጭ ሴቶች ተደፈርን ስላሉም በጥቂት ሳምንታት ውስጥ ስምንቱ ሞት ተፈረደባቸው። የሐሰት መሆኑ በኋላ የተጋለጠው ይህ ክስ የስኮትስቦሮ ጉዳይ ተብሎ ለዓመታት በፍርድ ቤት ቆየ። በእነዚያው ዓመታት የተሠሩት የመዝናኛ ፊልሞች የሚያውቁት ጥቁር መንገደኛ ግን ከሚንስትረል፣ ማለትም ነጮች ፊታቸውን በጥላሸት ቀብተው በጥቁሮች ላይ ከሚያፌዙበት የመድረክ ልማድ የተወረሰ ነው። የዋርነር የካርቱን ገጸ ባሕርይ ቦስኮ፣ በ1930 በወጣው ቦክስ ካር ብሉዝ ከአሳማ ጓደኛው ጋር በፉርጎ ተሳፍሮ ሲዘፍን፣ ፊቱና አነጋገሩ የዚያ ልማድ ቅጂ ናቸው።

ከሁሉም ይልቅ በትኩረት ሊታይ የሚገባው፣ ሰፈርም እሳትም የሌለበት አንድ አጭር ፊልም ነው። ኮሎምቢያ የተባለው የፊልም ኩባንያ በ1929 በካምደን፣ ኒው ጀርሲ የቀረጸው ዘ ሲንጊንግ ብሬክማን፣ የሚሲሲፒውን ጂሚ ሮጀርስ በባቡር ጣቢያ ምግብ ቤት ውስጥ ጊታር ይዞ ለሁለት ሴቶች ሲዘፍን ያሳያል። ሮጀርስ በሐዲድ ላይ ያደገና የሠራ፣ በሳንባ ነቀርሳ ምክንያት ሥራውን ትቶ በ1927 በብሪስቶል የመጀመሪያዎቹን ዘፈኖች ያስቀረጸ ሰው ሲሆን፣ ዛሬ የካንትሪ ሙዚቃ አባት የሚባለውም እርሱ ነው። በፊልሙ ላይ ሦስት ዘፈኖችን ያቀርባል፤ የመጀመሪያው ዌይቲንግ ፎር ኤ ትሬን ስለ አንድ ሆቦ ነው። ሆቦው ገንዘብ ስለሌለው የፍሬን ሠራተኛው ከፉርጎው አስወርዶት፣ ከቤቱ ርቆ በቴክሳስ ሜዳ ላይ ይቀራል። ሮጀርስ ይህን የሚዘፍነው የፍሬን ሠራተኛ ቆብና ልብስ ለብሶ ነው። ሆቦውን የሚያወርደው ሰው በልብሱ፣ የሚወርደው ሰው በድምፁ በአንድ ወንበር ላይ ተቀምጠዋል፤ ፊልሙም ይህንን ተቃርኖ ያስተዋለው አይመስልም፣ ወይም አስተውሎ ዝም ብሏል። ካሜራው ብዙ አይንቀሳቀስም። ዮድል የሚባለው፣ ድምፅን ከወፍራሙ የደረት ድምፅ ወደ ቀጭኑ የራስ ድምፅ በድንገት የሚያዘልለው የአዘፋፈን ስልት ሲመጣ፣ የባቡሩ ጡሩንባና የሰው ጩኸት ይቀላቀላሉ። ሮጀርስ በሜይ 1933 በኒው ዮርክ በሠላሳ አምስት ዓመቱ ሞተ፤ ሲዘፍን የሚያሳየውም ፊልም ይህ ነው።

የትርኢቱ ኢኮኖሚ ከዚህ በኋላ ብዙም አልቆየም። አጫጭር ፊልሞቹ የቮድቪል ባለሙያዎችን ቢቀጥሩም፣ አንድ ጊዜ የተቀረጸ ቀልድ በአንድ ምሽት በመቶ ከተሞች ስለሚታይ፣ ያው ቀልደኛ በየከተማው እየዞረ የሚያገኘውን ሥራ ራሱ በራሱ ያሳጣዋል። የቮድቪል ከፍተኛው መድረክ ይባል የነበረው የኒው ዮርኩ ፓላስ በኖቬምበር 1932 ወደ ሲኒማ ቤትነት ተለወጠ። በስቱዲዮ ሆቦ ሆነው የተቀረጹ አንዳንድ ተዋንያን ከቀረጻው በኋላ ወዴት እንደሄዱ መገመት ከባድ አይደለም። ጭብጡ ራሱ ወደ ካርቱን ተሸጋግሮ ጥቂት ዓመታት ኖሯል፤ ከመጨረሻዎቹ አንዱ በ1939 በዋርነር የወጣው ሆቦ ጋጀት ባንድ ሲሆን፣ ከአሮጌ ዕቃ መሣሪያ የሠሩ ሆቦዎች የሬዲዮ የጀማሪዎች ውድድር ያሸንፋሉ፣ ውል ሊቀርብላቸው ሲል የባቡር ጡሩንባ ይሰማሉ፣ ሁሉንም ትተውም ይሮጣሉ። ለሳቅ የተሠራ ፍጻሜ ነው። በዚያ ዓመት ሥራ ቀርቦለት የሚሮጥ ሆቦ ማግኘት ግን ያዳግት ነበር።

ዋርነር በ1930ዎቹ መጀመሪያ ላይ ሸክላውን ትቶ ድምፁን በፊልሙ ጠርዝ ላይ ማስቀረጽ ጀመረ። ከዚያ በፊት የተሠሩት ሥራዎች ግን ሁለት አካል ነበራቸው፤ ሸክላው ሃያ ጊዜ ያህል ከተጫወተ በኋላ ስለሚያልቅ፣ በላዩ በተለጠፈው ወረቀት ላይ ለእያንዳንዱ ጨዋታ ምልክት የሚደረግባቸው ትናንሽ ሳጥኖች ታትመው ነበር፣ ሳጥኖቹ ሲሞሉም ይጣል ነበር። ፊልሙ በአንድ መጋዘን፣ ሸክላው በሌላ ከተማ ምድር ቤት እየቀረ ሁለቱ ለአሥርት ዓመታት ተለያዩ። በ1991 የተቋቋመው ቫይታፎን ፕሮጀክት የተባለው የሰብሳቢዎች ስብስብ ሸክላዎቹን ከየግለሰቡ እያፈላለገ ከምስላቸው ጋር እንዲጣመሩ ሲያደርግ ቆይቷል። ጓደኛው ገና ባልተገኘለት ፊልም ላይ ተጫዋቹ መሣሪያውን ወደ አፉ ያስጠጋል፣ ጉንጮቹ ይሞላሉ፣ እግሩ ምት ይመታል፤ የሚሰማው የማሳያው ማሽን ብቻ ነው።